የፈታኙ ግንባር

«አልጋ ሦስት ዛሬ አንደኛ ናቸው፤ ፊታቸው ፍክት ብሏል። ህመም ዜሮ» አለች የሌሊቷ ነርስ ለቀኗ ነርስ ስታስረክብ። ከመጋረጃው ወዲህ በአንድ እግሯ ቆማ የጫማ መሸፈኛ ፕላስቲክ ለማጥለቅ ስትታገል የነበረችው የፈታኙ ሚስት ይህን ስትሰማ እግሯን እንዳንጠለጠለች ቀረች። ሌላ ሚስት ብትሆን ተመስገን ባለች። እሷ ግን ልቧ ድንግጥ አለ። ባሏ ፍክት ያለባቸውን ቀኖች አንድ በአንድ ታውቃቸዋለች፤ አንዱም ለበጎ አልነበረም።

ሰውዬው ሃያ ስድስት ዓመት ሙሉ የመንጃ ፈቃድ ፈታኝ ነበር። በከተማው መኪና ከሚነዳው ሰው ግማሹ እሱ ጎን ተቀምጦ አልቦታል፤ ቀሪው ግማሽ ደግሞ ሌላ ፈታኝ እንዲደርሰው ተስሎ ነው ያለፈው። ግንባሩ ላይ ሦስት ጥልቅ መስመሮች አሉ፤ ተፈታኞቹ አስፋልቱ ላይ ካለው ነጭ መስመር ይልቅ እነሱን እያዩ ነበር የሚነዱት። ታዲያ የሥራ ፊት ብቻ እንዳይመስላችሁ፤ ቤትም ያው ነው። የሠርጋቸው ፎቶግራፍ ላይ ሙሽራው ፍርድ ቤት የቀረበ ይመስላል። የመጀመሪያ ልጃቸው የተወለደች ዕለት አዋላጇ ፊቱን አይታ «ምነው፣ ወንድ ነበር እንዴ የፈለጉት?» ብላዋለች፤ እሱ እኮ በደስታ ሊፈነዳ ነበር። ሲደሰት ይኮሳተራል፤ በጣም ሲደሰት ሁለቱ ቅንድቦቹ ይገናኛሉ። ምግብ ሲጣፍጠው ሳህኑን እንደ ደመኛ ነው የሚያየው።

ይህን ዘመድ አዝማድ ሁሉ ያውቃል። ዘመድ አዝማድ የማያውቀው ሌላውን ነው። ይህ ሰው ሲያመው ይለዝባል። ጥርሱን ሲነዘንዘው፣ ወገቡን ሲይዘው፣ የኩላሊት ጠጠር ሲያንከባልለው ግንባሩ እንደተተኮሰ ሸሚዝ ይዘረጋል፤ ድምፁ ይለሰልሳል፤ «አመሰግናለሁ»፣ «አረፍ በይ እንጂ»፣ «ልጆቹን አትቆጪያቸው» የሚሉ ከየት እንዳመጣቸው የማይታወቁ ቃላት ከአፉ ይወጣሉ። አያቃስትም፣ አይገላበጥም። ባለፈው ሰኞ ጠዋት አንጀቱ ሲበሳም ያላት «ዛሬ አምሮብሻል» ነበር። እሷም፣ ለዚህ ራሷን እስካሁን ይቅር አላለችም፣ መጀመሪያ የሄደችው ወደ ስልኩ ሳይሆን ወደ መስታወቱ ነው። ሻሿን አስተካክላ፣ ግራና ቀኝ ጎኗን አይታ፣ «ይሄ ሰውዬ ደግሞ ምን ነካው» ብላ ፈገግ ካለች በኋላ ነው ፈገግታው ፊቷ ላይ የደረቀው። አምቡላንሱ የተጠራው አሥር ደቂቃ ዘግይቶ ነበር።

ቀዶ ጥገናው ደህና አለፈ። ከዚያ ወዲህ በጽኑ ሕሙማን ክፍል፣ አልጋ ሦስት ላይ፣ በአፉ ገብቶ ወደ ሳንባው የወረደ ቱቦ እየተነፈሰለት ተኝቷል። አፉ ውስጥ ቱቦ ያለበት ሰው «አመመኝ» አይልም። ስለዚህ ነርሶቹ አንድ ቅጽ አላቸው፤ የበሽተኛውን ፊት፣ እንቅስቃሴውን፣ የጡንቻውን መገተርና ከማሽኑ ጋር መስማማቱን እያዩ ለህመሙ ነጥብ ይሰጣሉ። በመጀመሪያዎቹ ሁለት ቀናት ፈታኙ በፊቱ ብቻ ሙሉ ነጥብ ያገኝ ነበር። ነርሶቹ ማስታገሻ ይጨምራሉ፤ እሱ ይመቸዋል፤ ሲመቸው ይኮሳተራል፤ ሲኮሳተር ደግመው ይጨምራሉ። በሦስተኛው ቀን ይህን ያየችው ታላቅ እህቱ አልጋው ግርጌ ቆማ «ልጆቼ፣ በከንቱ መድኃኒት አታፍስሱ። ይሄ ህመም አይደለም፣ ሲፈጥረው ነው። እናታችን ስትወልደው ራሱ ተኮሳትሮ ነው የወጣው» አለቻቸው። እውነቷን ነበር። ሚስቲቱም አጠገቧ ቆማ ራሷን ነቅንቃለች። ነርሶቹ ሳቁ፣ ጻፉ፤ ማስታገሻው ተቀነሰ። ትናንት ማምሻውን ግንባሩ ወለል አለ፤ ክፍሉ ሁሉ ደስ አለው።

«እናቴ፣ ይግቡ። አሥር ደቂቃ ነው» አለቻት የቀኗ ነርስ። መነጽሯ ቶሎ ቶሎ የሚንሸራተት፣ እጇ ፈጣን ልጅ ናት። ክፍሉ ጠባብ ነው፤ ስድስት አልጋ፣ ስድስት ስክሪን፣ ማሽኖቹ ተራ በተራ እፍ ይላሉ። ፈታኙ ትራሱ ላይ ቀና ብሎ፣ ቱቦውን እንዳይነቅል እጆቹ በለስላሳ ጨርቅ ከአልጋው ጋር ታስረው፣ እንግዳ እንደሚቀበል ሰው ለዝቦ ተኝቷል። ሚስቱ ግንባሩን አየችው። አንድ መስመር የለም። አንጀቷን በላው።

«ሲስተር፣ ይሄ ሰው አሞታል።»

ነርሷ ቅጹን ከአልጋው ግርጌ አንስታ አሳየቻት። ፊት፣ ዜሮ። እንቅስቃሴ፣ ዜሮ። «ክንዳቸውን አንስቼ ሳጥፈው እንኳ አይገትሩትም፤ እንደውም ያግዙኛል» አለች። ያግዛታል! ሚስቲቱ ይህን ስትሰማ ይበልጥ ፈራች፤ ለሰው ማገዝ የመጨረሻው ደረጃ ነው፣ በጠጠሩ ጊዜ ሳህን አጥቦ ነበር። «የልብ ምታቸው ትንሽ ከፍ ብሏል፣ መቶ አሥራ ስምንት ነው፤ ትኩሳት ስላላቸው ይሆናል ብለናል። እናቴ፣ እርስዎ ምን አይተው ነው? ቤተሰብ የሚለው እኮ ይጠቅመናል።»

እዚህ ላይ መናገር ነበረባት። አፏን ከፈተች። ምን ትበል? «ባሌ ደግ የሚሆነው ሲያመው ብቻ ነው» ተብሎ ለሰው ይነገራል? ሠላሳ አንድ ዓመት በትዳር ስትኖር ዝም አይነቅዝም እያለች የቤቷን ገመና ከደጃፉ አላሳለፈችም፤ ዛሬ በልጇ ዕድሜ ላለች ነርስ፣ ያውም አልጋ ሁለትና አልጋ አራት እየሰሙ! «እንዲሁ… ደስ አላለኝም» ብላ ወጣች። ነርሷ ለሐኪሙ እንደምትነግር ቃል ገባችላት፤ ግን «ደስ አላላቸውም» የሚል ነገር ለሐኪም ቢነገር ምን ሊያደርግበት ነው።

ኮሪደሩ ላይ አንድ ረጅም አግዳሚ ወንበር አለ፤ አንዱ እግሩ ስለሚወላገድ ጫፉ ላይ የተቀመጠ ሰው ሲነሳ ሌላው ይደነግጣል። ታላቅ እህቱ መሃሉን ይዛ ስልኳን ትነካካለች። ትናንት ማምሻውን ከአልጋው አጠገብ ሆና ያነሳችውን ፎቶ ለዘመድ ሁሉ ልካዋለች፤ መልሱ እስካሁን እየጎረፈ ነው። «ተመልከች፣ ‹እንደ መልአክ› አለ የአጎቴ ልጅ። ይቺ ደግሞ ‹ወጣት ሆኗል› ትላለች። ስልሳ ሁለት ዓመት ሙሉ እንዲህ አምሮበት አያውቅም፤ ይሄን ፎቶ አሳጥቤ ሳሎን እሰቅለዋለሁ።»

«እትዬ፣ ማስታገሻው ቢጨመርለት አይሻልም?»

«በስመ አብ! ሱስ ሊያስይዙት? ደግሞስ ተኝቷል እኮ፤ የተኛ ሰው ምን ያመዋል?»

ሚስቲቱ ዝም አለች። ሁለቱ ሴቶች ሠላሳ አንድ ዓመት እንዲህ ዝም ሲባባሉ ስለኖሩ ዝምታው ራሱ ቤተሰብ ሆኗል፤ ቦታ ይዞ መሃላቸው ይቀመጣል። በበሩ መስታወት በኩል ነርሶቹ አልጋ ሦስትን ሲከቡት ይታያል። በየጠዋቱ የሚያስተኛውን መድኃኒት ቀንሰው፣ የማሽኑን እገዛ አሳንሰው፣ ራሱ መተንፈስ ይችል እንደሆነ ይሞክሩታል። ትናንት አልቻለም። እሷ አብራው ትተነፍሳለች፤ ሳብ፣ ለቀቅ፣ ሳብ፣ ለቀቅ፤ አጠገቧ የተቀመጠችው እትዬ «ምነው፣ አስም ያዘሽ እንዴ?» እስክትላት ድረስ።

ሐኪሙ የወጣው ከግማሽ ሰዓት በኋላ ነው። ዛሬ ገና ተረኛ የሆነ፣ ቀጭን፣ ጢሙን ለመላጨት ጊዜ ያጣ ወጣት ነው። «ዛሬም አልሆነም» አለ። «ትንፋሻቸው ቁርጥ ቁርጥ ይላል፣ ሆዳቸውን አያንቀሳቅሱትም። እንዲህ ከቆዩ ሳንባቸው ኢንፌክሽን ይይዛል። በሁለት ሦስት ቀን ካልተሻለ አንገታቸው ላይ ቀዳዳ ከፍተን በዚያ በኩል መቀጠል ሊኖርብን ነው። የገረመኝ ግን ተረጋግተው መተኛታቸው ነው፤ ፊታቸው ላይ ምንም…»

«ችግሩ እኮ እሱ ነው ዶክተር!»

ከአፏ ሲወጣ እሷ ራሷ ደነገጠች። ብድግ ስትል ወንበሩ ተወላገደና እትዬ ስልኳን ጣለች። ከዚያ በኋላማ ማን ይያዛት፤ የሠላሳ አንድ ዓመቱን በአንድ ትንፋሽ አወጣችው። ጥርሱን፣ ወገቡን፣ ጠጠሩን፣ ሳህኑን፣ «አምሮብሻል» ያላትን፣ መስታወቱን እንኳ ሳይቀር። «ሲመቸው ነው የሚኮሳተረው። ዛሬ ፊቱ ላይ አንድ መስመር የለም፤ ያ ማለት ሆዱ እየተቀደደ ነው። ሆዱን የማያንቀሳቅሰው አሞት ነው!»

«ወይ ጉድ!» አለች እትዬ ስልኳን ከመሬት እያነሳች። «ወንድሜ ሲያመው እንጂ ደግ አይሆንም ነው የምትይው? በሰው ፊት?»

ሐኪሙ በትሕትና ዝም አለ። ሐኪሞች ለቤተሰብ ለቅሶ የሚያስቀምጧት ዓይነት ዝምታ ናት። ሚስቲቱ ይህን ዝምታ ታውቀዋለች፤ እንዳላመናት ገባት። ከዚያ ሐኪሙ የሆነ ነገር ትዝ እንዳለው ሰው ዓይኑን አጠበበ።

«ይቅርታ እናቴ፣ ሥራቸው ምን ነበር?»

«የመንጃ ፈቃድ ፈታኝ።»

የወጣቱ ፊት ተለዋወጠ። በበሩ መስታወት ወደ አልጋ ሦስት አየ፤ ተመልሶ እሷን አየ። «እሳቸው ናቸው? ሦስት ጊዜ ነው እኮ የጣሉኝ! ፊታቸው እንዲህ ለስልሶ እንዴት ልወቃቸው?» ድምፁን ዝቅ አደረገ። «በአራተኛው ግን ሌላ ሰው ሆነው ጠበቁኝ። ወደ ኋላ ነድቼ በሁለቱ እንጨቶች መሃል ሳቆም አንዱን የነካሁት መሰለኝና ‹ጣልኩት?› ብላቸው፣ ጉንጫቸውን በመሀረብ ይዘው ‹አይዞህ ልጄ፣ እንጨቱ ነው የተጠጋህ› አሉኝ። አሳለፉኝ።»

«መቼ ነው?»

«የተመረቅኩ ዓመት፣ ዝናቡ ሊያበቃ ሲል። ሐሙስ ነበር።»

«መንጋጋው ነው» አለች ሚስቲቱ። «አርብ ዕለት አስነቀለው።»

«ታዲያ እኔ… እንጨቱን ጥዬው ነበር ማለት ነው?»

«ጥለኸው ነበር፣ ልጄ።»

ሰባት ዓመት ጎበዝ ሹፌር ነኝ ብሎ የኖረ ሰው ይህን በአንድ ጊዜ መዋጥ ከባድ ነው። ዋጠው ግን፤ ጥሩ ሐኪም ነበር። ወደ እትዬ ዞሮ «የሚያስተኛው መድኃኒት ሌላ ነው እናቴ፣ ህመም የሚያስታግሰው ሌላ። ሰውየውን ስናስተኛው ህመሙ አብሮ አይተኛም። ሱሱንም አያስቡ፤ ለጥቂት ቀን፣ ልክ በልክ ነው የምንሰጣቸው» አላትና ለሚስቲቱ በሩን ከፈተላት። «እርስዎ ይምጡ። ትንሽ ማስታገሻ እንስጣቸውና እንይ። ህመም ከሆነ ራሳቸው ይነግሩናል።»

ነርሷ መድኃኒቱን በደም ሥሩ ሰጠችው። ሦስቱም አልጋውን ከበው ቆሙ፤ ሐኪሙ ስክሪኑን፣ ነርሷ ቅጹን፣ ሚስቱ ግንባሩን እያዩ። አንድ ደቂቃ፣ ምንም። ሁለት ደቂቃ። መቶ አሥራ ስምንት የነበረው መቶ አሥር ሆነ። ሚስቲቱ ሽማግሌ ፊት እንደቆመች ሙሽራ ትንፋሿን ዋጠች፤ ከተሳሳተች እኮ ገመናዋን የዘራችው በከንቱ ነው፣ ዳግመኛ የሚያምናት ሰው ስለማይኖር እሱም እንዲህ እየሳቀ ይሞታል። በአምስተኛው ደቂቃ ላይ ከቅንድቡ በላይ ያለችው የታችኛዋ መስመር ጭል ብላ ታየች። ከዚያ መካከለኛዋ። ከዚያ የላይኛዋ። በመጨረሻም ሁለቱ ቅንድቦች ቀስ ብለው መጡና ተገናኙ። ትንፋሹ ረዘመ፣ ሆዱ ከፍ ዝቅ አለ፣ ስክሪኑ ዘጠና ሁለት ላይ ቆመ።

«በቅጹ መሠረት አሁን ነው ያመማቸው» አለች ነርሷ መነጽሯን ወደ ላይ እየገፋች።

«በቅጹ መሠረት» አለ ሐኪሙ። ያን ጊዜ ነው ወገቡን ቀጥ አድርጎ መቆሙን፣ ቀኝ እጁም በትከሻው በኩል የሌለ የመኪና ቀበቶ መፈለጉን ያስተዋለው። አፍሮ እጁን ኪሱ ከተተ። ነርሷም ከአልጋው በላይ በተሰቀለችው ነጭ ሰሌዳ ላይ በትልልቁ ጻፈች፦ «አልጋ ሦስት፦ ከተኮሳተሩ ተመችቷቸዋል። ፊታቸው ከፈካ አስቸኳይ!»

ሚስቲቱ ስትወጣ እትዬ ከወንበሩ ጫፍ ተቀምጣ አገኘቻት፤ መሃሉን ለቃላታለች። የካፊቴሪያ ሻይም ገዝታላት ነበር፤ ቀዝቅዟል፣ ስኳሩ በዝቷል፣ ግን ገዝታላታለች። ከዚያ እትዬ ዓይኗን ግድግዳው ላይ ተክላ «ለመሆኑ» አለች፣ «እግሬን ተሰብሬ የተኛሁ ጊዜ… ሦስት ቀን ሙሉ አጠገቤ ተቀምጦ ‹እህት ዓለም› ሲለኝ የከረመው?»

ሚስቲቱ ልትዋሽ ፈለገች። «ወገቡ ነበር፣ እትዬ። አንቺን ካልጋ ሲያወርድ ተቀጨ።» በዕድሜያቸው ለመጀመሪያ ጊዜ አንቺ እንዳለቻት ሁለቱም ሰሙ፤ ሁለቱም አላነሱትም።

እትዬ ራሷን ነቀነቀች። ስልኳን ከፍታ የመልአኩን ፎቶ አየችው፣ ከዚያ አጠፋችው። ሚስቲቱም ያን ጊዜ የራሷን መቁጠር ጀመረች፤ ባትጀምረው ይሻላት ነበር። ዓይኑን ጨፍኖ «ካንቺ ወዲያ» ያላት ማታ ጠጠሩ ነበር። ሰማያዊውን ቀሚስ ሳይጠየቅ የገዛላት ጊዜ ጆሮው መግል ይዞ ነበር። በልቧ አጣጥፋ ያስቀመጠቻቸውን ቀኖች ሁሉ አንድ በአንድ ዘረጋቻቸው፤ ከእያንዳንዳቸው ስር አንድ በሽታ ይወጣል። የትዳሯን የፍቅር ታሪክ የፈለገ ሰው ማግኘት የሚችለው የጥርስ ሐኪሙ ካርድ ክፍል ውስጥ ነው። እንዲህ ስታስበው ሳቋ መጣ፤ ስትስቅ ግን እንባዋ ቀደማት። አዘነች። ሰውዬው በመዳኑ ልቧ እየፈነጠዘ፣ ስለ ሰማያዊው ቀሚስ አዘነች።

ከሰዓት በኋላ ደግመው ሞከሩት። እንደተኮሳተረ ተነፈሰ፤ ሐኪሙ ወጥቶ «አለፉ!» ብሎ ነገራቸው፣ ከእሱ አፍ ሲወጣ ቃሉ የተለየ ክብደት ነበረው። ቱቦው ነገ ጠዋት ይወጣል። በአሥራ አንድ ሰዓቱ ጉብኝት እትዬ ተራዋን ለቀቀችላትና ሚስቲቱ ገባች። ፈታኙ ነቅቷል። የሚያስተኛው መድኃኒት ከቆመ ሦስት ሰዓት ሆኖታል፤ እጆቹም ተፈትተዋል፣ ነርሷ «ቱቦውን አይነኩም ብለው በግንባራቸው ምለውልኛል» አለች። እሱ ግራ ቀኙን እየገረመመ፣ የአልጋ ሁለትን መጋረጃ እየታዘበ ተኝቶ ነበር። እሷን አየ። ዓይኑ እሷ ላይ ቆመ።

ያን ጊዜ የላይኛዋ መስመር ጠፋች። ቀጥሎ መካከለኛዋ። ቀጥሎ የታችኛዋ። ግንባሩ ወለል አለ፤ እጁንም ቀስ አድርጎ ከአንሶላው አውጥቶ ወደ ጉንጯ ዘረጋ፣ ነካት፣ እዚያው አቆየው።

«ሲስተር!» ብላ ጮኸች። «ሲስተር፣ ድረሺልኝ! አመመው!»

ነርሷ በሩጫ መጣች፣ ሐኪሙ ተከተላት። ስክሪኑን አዩ፤ ሰማንያ አራት። ሐኪሙ በቁስሉ ዙሪያ ሆዱን በጣቶቹ ጫን ጫን አደረገ፤ ልስልስ ያለ ነው። ጎንበስ ብሎ «አባቴ፣ ያምዎታል?» አለው። ፈታኙ ፊቱን ወደ እሱ አዞረ። ሦስቱ መስመሮች ከያሉበት ተጠራርተው መጡ፣ ቅንድቦቹ እንደ በር ተጋጠሙ፣ ራሱንም አንድ ጊዜ ወደ ግራ አንድ ጊዜ ወደ ቀኝ ነቀነቀው፤ በሃያ ስድስት ዓመት ውስጥ ስንቱን የጣለበት አነቃነቅ ነው። ሐኪሙ ሳያስበው አንድ እርምጃ ወደ ኋላ ሄደ።

«ምንም አላመማቸውም» አለ። ሰሌዳውን አየ፣ ሚስቲቱን አየ። «እናቴ፣ ያሁኑ እኛን አይመለከትም።»

ነርሷ መጋረጃውን ሳበችላቸው። ሚስቲቱ ልትከራከር ፈልጋ ነበር፤ ጥርሱንስ አይታችኋል፣ ወገቡንስ፣ ልትል። ግን ሄደዋል። ስትዞር ግንባሩ እንደገና ተዘርግቶ ጠበቃት፤ እጁም አንሶላው ላይ ተከፍቶ። ምንም ሳያመው። ሠላሳ አንድ ዓመት ይህን ስላላየች ምን እንደሚደረግ አታውቅም ነበር። ከአልጋው ማዶ ባለው የመስኮቱ መስታወት ውስጥ ራሷን አየች፤ ሻሿ ተንጋዷል። በእርጋታ አስተካከለችው፣ ግራና ቀኝ ጎኗን አየች፣ ከዚያ መጥታ አጠገቡ ተቀመጠች። የጉብኝቱ ጊዜ አሥር ደቂቃ ነው። ገና ስምንት ይቀራታል።